ፏፏቴው ላይ የቆመ ቤት

በፔንስልቬኒያ ጫካ ውስጥ የሚገኘው ፎሊንግወተር በዓለም ላይ በብዛት ፎቶ ከተነሡ መኖሪያ ቤቶች አንዱ ነው። ፎቶው ደግሞ ሁልጊዜ አንድ ዓይነት ነው ማለት ይቻላል። ከወንዙ በታች ቆመው ወደ ላይ ያነሡታል፤ ከታች ፏፏቴው፣ ከላይ አየር ላይ የተንሳፈፉ የሚመስሉ ሰፋፊ ሰገነቶች፣ ከኋላ የድንጋይ ግድግዳና ጫካ። የኪነ ሕንፃ ትምህርት ቤት ደጃፍ ያልረገጠ ሰው እንኳ ይህን ምስል አንድ ቦታ ሳያየው አይቀርም። በዚያ ቤት ይኖሩ የነበሩት ሰዎች ግን ቤታቸውን እንዲህ አያዩትም ነበር። ሳሎን ሲቀመጡ ፏፏቴው አይታያቸውም፤ ያለው ከእግራቸው ሥር ነው። የሚደርሳቸው ድምፁ ብቻ ነው። ይህን ቤት ፎቶውን አይቶ አወቅሁት ማለት አይቻልም የምለው ለዚህ ነው። በጠባቡ መግቢያ ማለፍ፣ በዝቅተኛው ጣሪያ ሥር መቆም፣ ጆሮን ማቅናት ይፈልጋል። ይህ ጽሑፍ የተጻፈው ኪነ ሕንፃ እየወደደ ሙያውን ላልተማረና ወደዚህ ቤት ለመጓዝ መዘጋጀት ለሚፈልግ ሰው ነው። ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

የቤቱ ባለቤት ኤድጋር ካውፍማን በፒትስበርግ ከተማ በቤተሰቡ ስም የሚጠራ ትልቅ መደብር የነበረው ነጋዴ ነው። ፒትስበርግ በዚያ ዘመን የብረት ፋብሪካዎች ከተማ ነበረች፤ ጭሱ በጠራራ ፀሐይ መብራት የሚያስበራ። ካውፍማንና ሚስቱ ሊሊያን ከጭሱ ሲሸሹ የሚሄዱት ከከተማው በስተደቡብ ምሥራቅ ካሉት ተራሮች ሥር ወደሚፈስሰው ቤር ራን ወደተባለ ትንሽ ወንዝ ነበር። ቦታው ቀድሞ የመደብሩ ሠራተኞች በበጋ የሚዝናኑበት ካምፕ ነበር። ቤተሰቡ እዚያ ይዋኛል፣ ፏፏቴው አጠገብ ባለ ትልቅ አለት ላይ ተጋድሞ ፀሐይ ይሞቃል። ይህን አለት አትርሱት፤ ሳሎን ውስጥ እናገኘዋለን።

ልጃቸው፣ እርሱም ኤድጋር ይባላል፣ በ1934 ዊስኮንሲን ወደሚገኘው ታሊየሰን፣ የአርክቴክቱ የፍራንክ ሎይድ ራይት መኖሪያና ስቱዲዮ፣ ሄዶ ከተለማማጆቹ ጋር ተቀላቀለ። በልጁ በኩል አባትና አርክቴክቱ ተዋወቁ። ራይት ያኔ 67 ዓመቱ ነበር። የዚያ ዘመን ታላቁ የኢኮኖሚ ድቀት ሥራ አሳጥቶት ነበር። በ1932 የኒው ዮርኩ ዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም ስለ አዲሱ ኪነ ሕንፃ ትልቅ ዐውደ ርእይ ባዘጋጀ ጊዜ ራይት ቢካተትም ክብሩ የተሰጠው ለወጣቶቹ አውሮፓውያን ነበር፤ እርሱን መንገድ ጠርጎ ዘመኑ እንዳለፈ ሽማግሌ የቆጠሩት ብዙ ነበሩ።

በ1934 ታኅሣሥ ራይት ቤር ራን መጥቶ ቦታውን አየ። ሲመለስ የጠየቀው የመሬት ቅየሳ ካርታ ነው፤ ትልልቆቹ ድንጋዮችና ዛፎች አንድ በአንድ የተመለከቱበት። ካርታው ደረሰው፣ ወራት አለፉ፣ ወረቀት ላይ የወጣ ነገር ግን አልነበረም። ከዚያ በመስከረም 1935 ካውፍማን ልመጣ ነው ብሎ ስልክ ደወለ። ከተለማማጆቹ አንዱ የነበረው ኤድጋር ታፌል ኋላ በመጽሐፉ እንደተረከው፣ ራይት ደንበኛው በመኪና እስኪደርስ ባሉት ሰዓታት ውስጥ ቁጭ ብሎ የቤቱን ንድፍ ከመሬት ወለሉ እስከ ላይኛው ፎቅ ሣለው። ይህ ታሪክ ብዙ ጊዜ የሚነገረው እንደ ተአምር ነው። እኔ እንደዚያ አላየውም። ካርታው ጠረጴዛው ላይ ከተቀመጠ ወራት ሆኖታል፤ አለቱን፣ ዛፉን፣ የወንዙን መታጠፊያ በጭንቅላቱ ሲያመላልሳቸው ከርሟል። በዚያ ጠዋት የሆነው የበሰለ ሐሳብ ወደ ወረቀት መውረዱ ነው።

ካውፍማን ንድፉን ሲያይ የጠበቀው ሌላ ነበር። ፏፏቴውን ይወደው ስለነበር ቤቱ ከወንዙ ማዶ፣ በደቡቡ ዳርቻ ቆሞ ፏፏቴውን ፊት ለፊት የሚያይ መስሎት ነበር። ማንኛውም አርክቴክት የሚያስበው ይህንኑ ነው፤ ጥሩ እይታ ካለ ቤቱን ወደ እይታው አዙር። ራይት ግን ቤቱን በሰሜኑ ዳርቻ፣ እፏፏቴው ላይ አስቀመጠው። ለዚህ የሚታይ ምክንያት አለ። በሰሜኑ ዳርቻ ያለ ቤት ፊቱን ወደ ደቡብ ስለሚያዞር ቀኑን ሙሉ ፀሐይ ያገኛል፤ ጥቅጥቅ ባለ ጫካና በቀዝቃዛ ሸለቆ ውስጥ ይህ ቀላል ነገር አይደለም። ሁለተኛው ምክንያት ከባድ ነው፦ በየቀኑ በመስኮት የሚታይ ነገር እንደ ሥዕል ይለመዳል፤ ከዚያም መታየቱ ይቀራል። ድምፁን እየሰሙ የሚተኙበት፣ ላየው ሲሉ ወርደው ወይም ተሻግረው የሚሄዱበት ፏፏቴ ግን ሁልጊዜ ይናፍቃል። ከሥራዎቹ ሁሉ ይበልጥ ድፍረት የማይበት ውሳኔ ይህ ነው፤ ከሰገነቶቹም ይበልጣል።

ወደ ጉዞው እንምጣ። ቤቱ ያለው ሚል ራን በተባለች የገጠር ቀበሌ ሲሆን ከፒትስበርግ በመኪና አንድ ሰዓት ተኩል ያህል ይወስዳል። በዋሽንግተን፣ በሲልቨር ስፕሪንግ ወይም በአሌክሳንድሪያ ለምትኖሩ ወገኖች ሦስት ሰዓት ተኩል ገደማ ነው፤ በማለዳ ተነሥቶ ማታ ቤት መግባት ይቻላል። በሀይዌይ 270 እና 70 አድርጋችሁ ወደ 68 ትገባላችሁ፣ የሜሪላንድን ተራሮች ታቋርጣላችሁ፣ ከዚያ በአሮጌው 40 ቁጥር መንገድ ወደ ፔንስልቬኒያ ገብታችሁ በ381 ኦሃዮፓይል የምትባለውን ከተማ አልፋችሁ ትደርሳላችሁ። ቲኬት አስቀድሞ መቁረጥ ግድ ነው፤ ጉብኝቱ በሰዓት የተከፋፈለ ስለሆነ ደጃፍ ደርሰው የሚመለሱ አሉ። ክረምት ሲገባ ቤቱ ለወራት ይዘጋል። ከ6 ዓመት በታች ያሉ ልጆች ወደ ውስጥ አይገቡም፤ ቤተሰብ ይዛችሁ ከሆነ ይህን ከመነሣታችሁ በፊት አስቡበት። ቤቱ የቆየ አርማታ በመሆኑ እድሳት አይለየውምና የምትሄዱበት ሰሞን መወጣጫ የተተከለበት መሆን አለመሆኑንም ጠይቁ።

ከእንግዳ መቀበያው እስከ ቤቱ የእግር መንገድ ነው። እዚህ ላይ አትቸኩሉ። መንገዱ በሮዶዴንድረን ቁጥቋጦ መካከል ቁልቁል ይወርዳል፤ ቤቱ ከመታየቱ በፊት ውሃው ይሰማል። ድልድዩን ተሻግራችሁ ወደ ቤቱ ጀርባ ስትዞሩ ከመኪና መግቢያው በላይ ከግድግዳው ወደ ኮረብታው አለት የተዘረጉ የአርማታ አግዳሚዎች አሉ። ቀና ብላችሁ ተመልከቷቸው። ከእነርሱ አንዱ ቀጥ ብሎ መሄዱን ትቶ በግማሽ ክብ ይታጠፋል፤ ዛፍ ስለነበረበት ዛፉን ዞሮት ነው ያለፈው። በዚህ ቤት ቦታውን ማክበር ማለት ምን እንደሆነ ከብዙ ገለጻ ይልቅ ያ የታጠፈ አግዳሚ ያስረዳል።

የቤቱ ዋና በር የሚፈለግ እንጂ የሚታይ አይደለም። በድንጋይ ግድግዳዎች መካከል ገባ ብሎ፣ ጠባብና ጨለም ያለ ሆኖ ነው የተሠራው። ትልቅ ቤት ውስጥ ስንገባ ሰፊ በርና ከፍ ያለ አዳራሽ መጠበቅ ለምደናል፤ ራይት ሆን ብሎ ተቃራኒውን ያደርጋል። ጠባቡ ቦታ ሰውነትን ሰብሰብ ያደርገዋል፤ ጥቂት ደረጃ ወጥታችሁ ወደ ሳሎኑ ስትዘልቁ ብርሃኑና ስፋቱ ከእውነተኛው መጠን እጥፍ ሆኖ ይሰማችኋል። ይህን ዘዴ በብዙ ቤቶቹ ታገኙታላችሁ። አንድ ጊዜ ካስተዋላችሁት በየትኛውም ሕንፃ ውስጥ ስትገቡ ከመግቢያው እስከ ዋናው ክፍል ሰውነታችሁ ምን እንደተሰማው መጠየቅ ትጀምራላችሁ፤ ኪነ ሕንፃን ማንበብ የሚጀመረውም ከዚያ ነው።

ሳሎኑ ሰፊ ነው፣ ጣሪያው ግን ዝቅ ያለ ነው። ረጅም ጎብኚ እጁን ቢዘረጋ የሚነካው ይመስለዋል። ይህም የታሰበበት ነው፤ ጣሪያው ከፍ ሲል ዓይን ወደ ላይ ይወጣል፣ ዝቅ ሲል ግን በመስኮቱ በኩል ወደ ዛፎቹ ይሄዳል። መስኮቶቹ በክፍሉ ዙሪያ በተከታታይ ይሄዳሉ፤ ሶፋዎቹም ከግድግዳው ጋር አብረው የተሠሩ ስለሆኑ የክፍሉ መሐል ክፍት ነው።

አሁን ወለሉን ተመልከቱ። ከዚያው ከግቢው የተፈለጠ የአሸዋ ድንጋይ ነው። የተነጠፈው ድንጋይ በሰም የተወለወለ ስለሆነ ያብረቀርቃል፣ እርጥብ ይመስላል። ከዚያ ዓይናችሁን ወደ ምድጃው አሻግሩ። እዚያ ወለሉን ሰንጥቆ የወጣ ግራጫ አለት አለ፤ ሰም አልነካውም፣ ደረቅ ነው። ቤተሰቡ ፀሐይ ይሞቅበት የነበረው አለት ይህ ነው። ራይት መጀመሪያ አናቱን ቆርጦ ከወለሉ ጋር ሊያስተካክለው አስቦ ነበር፤ ባለበት እንዲቀር የፈለገው ካውፍማን ነው ይባላል። ስለዚህ የተወለወለው ወለል የሚፈስስ ወንዝ፣ አለቱ ደግሞ ከወንዙ መሐል ብቅ ያለ ደረቅ ድንጋይ ሆኖ ይታያል። በዚህ ክፍል ከባድ ዋጋ የወጣበት ነገር ሁሉ ቢወሰድና ይህ የሰም ልዩነት ብቻ ቢቀር እኔ ያው ወደዚያ እመለሳለሁ። ሌሎች እቤቱ ቆመው ወንዙን ሲፈልጉ፣ ራይት ወንዙን በሰም ብቻ ወደ ቤት አስገባው።

ከምድጃው ጎን እንደ ኳስ የተድቦለቦለ ቀይ የብረት ማንቆርቆሪያ ተሰቅሏል፤ በክንዱ ዞሮ እሳቱ ላይ እንዲሆን የተሠራ፣ የወይን ጠጅ ለማሞቅ የታሰበ ነው። ግድግዳው ውስጥ ልኩን የጠበቀ ጎድጓዳ ማረፊያ አለው። ከክፍሉ በሌላው ጎን ደግሞ በመስታወት የተከደነ መውረጃ አለ። ክዳኑ ሲከፈት ከወንዙ ቀዝቃዛ አየር ይወጣል፣ ድምፁም ይጎላል፤ ከዚያ ከሳሎኑ ወለል ላይ በብረት የተንጠለጠለ ደረጃ ቁልቁል ወርዶ ውሃው ላይ ያበቃል። ደረጃው የትም አያደርስም። አያስፈልግም የሚል ባለሙያ ቢኖር የሚፈረድበት አይደለም፤ ቤቱን ከውሃው ጋር የሚያገናኘው ግን ይኸው ደረጃ ነው።

እዚህ ላይ ቆም ብሎ ይህን ቤት ዘመናዊ የሚያሰኘው ምን እንደሆነ ማስረዳት ተገቢ ነው። ለብዙ ሺህ ዓመታት ግድግዳ ጣሪያን ተሸካሚ ነበር፤ ስለዚህ መወፈር ነበረበት፣ መስኮቱም መጥበብ። በአሥራ ዘጠነኛው መቶ ዓመት መጨረሻ ብረትና አርማታ ሲለመዱ ሸክሙ ወደ ኮለንና ወደ ሶሌታ ሄደ፤ ግድግዳው ከሸክም ነፃ ወጣ። መስታወት ሆኖ ሊቀር፣ ጨርሶም ሊጠፋ ይችላል። አውሮፓውያኑ አርክቴክቶች ይህን ነፃነት ይዘው ጌጥ የሌላቸው፣ ነጫጭ፣ ከመሬት ከፍ ያሉ ቤቶች ሠሩ። ከእነርሱ አንዱ የሆነው ለኮርቡዚዬ ከፓሪስ ወጣ ብሎ በፖሲ የሠራውና በ1931 ያለቀው ቪላ ሳቮይ በቀጫጭን ኮለኖች ላይ የቆመ ነጭ ሳጥን ነው፤ ከሥሩ ያለው ሜዳ የትም ሊሆን ይችላል። ራይት የተጣላው ከዚህ ጋር ነው። ለእርሱ ቤት ከቆመበት መሬት የሚበቅል መሆን አለበት። በፎሊንግወተር የእነርሱን ጠፍጣፋ ሶሌታ፣ ረጃጅም አግድም መስመር፣ ጌጥ አልባነት ሁሉ ወሰደ፤ ከዚያ ያን ሁሉ ከስፍራው በወጣ ድንጋይ ከተራራው ጋር አሰረው። ድንጋዩ ወጣ ገባ እያለ መደርደሩን ስታዩ ከቤቱ ውጭ ያለውን የአለት ንብርብር መልሳችሁ እዩት፤ ግንበኞቹ የተከተሉት እርሱን ነው። የአርማታው ቀለምም ነጭ አይደለም፤ የደረቀ ቅጠል የመሰለ ፈዛዛ ቢጫ ነው። የመስኮቱ ብረቶች ደግሞ ራይት አዘውትሮ የሚጠቀምበት ቀይ።

መስኮቶቹ ብቻቸውን ግማሽ ቀን ያስቆማሉ። ግድግዳው ድንጋይ በሆነበት ቦታ መስታወቱ ፍሬም የለውም፤ ድንጋዩ ተሰንጥቆ መስታወቱ በቀጥታ እርሱ ውስጥ ገብቷል። ስለዚህ የድንጋዩ ግድግዳ ከውስጥ ወደ ውጭ ሳይቋረጥ የሚያልፍ ይመስላል፤ ቤቱ የት እንዳበቃ ዓይን ይስታል። በማዕዘን ላይ ያሉት መስኮቶች ደግሞ መሐላቸው ምሰሶ የለም። ሁለቱም ሲከፈቱ ማዕዘኑ ራሱ ይጠፋል። በዚህ ሁሉ ውስጥ ግን ልቤን የሚነካው በካውፍማን የሥራ ክፍል ያለው ጠረጴዛ ነው። መስኮቱ ወደ ውስጥ የሚከፈት ሲሆን ጠረጴዛው መንገዱ ላይ ነው። ሌላ ሰው ቢሆን ጠረጴዛውን ያሳጥረዋል ወይም መስኮቱን አሽጎ ይተወዋል። እዚህ ግን የጠረጴዛው ጥግ በሩብ ክብ ተቆርጧል፤ መስኮቱ ሲከፈት በዚያ ቁራጭ ውስጥ አልፎ ይሄዳል። ዋልነት እንጨቱ ላይ ያለው ያ ጎደሎ ቅርጽ የመስኮቱ የመዞሪያ መስመር ነው። ይህን ቤት ስትጎበኙ እንዲህ ያሉትን ነገሮች ፈልጉ፤ ትልቁ ሐሳብ እስከ ጠረጴዛ ጥግ ድረስ ወርዶ እንደሆነ የሚታወቀው በእነርሱ ነው።

አሁን ወደ ሰገነቶቹ እንውጣ። የዋናው ቤት ክፍሎች በአንድ ላይ 268 ካሬ ሜትር ገደማ ሲሆኑ ሰገነቶቹ ብቻቸውን 227 ካሬ ሜትር ይሆናሉ። ቤቱ ግማሹ ውጭ ነው ማለት ነው። ሰገነቶቹ ከጫፋቸው ሥር ምንም ድጋፍ የላቸውም፤ ከኋላ ተይዘው ወደ ፊት ወጥተው ይቆማሉ። ካንቲሊቨር የሚባለው አሠራር ይህ ነው። እንዴት እንደሚሠራ ለመረዳት ውሃ የሞላ ባልዲ ክንዳችሁን ዘርግታችሁ ያዙ። የሚያማችሁ እጃችሁ ሳይሆን ትከሻችሁ ነው፤ ከላይ በኩል ያለው ጡንቻ ይወጠራል፣ ከታች ያለው ይታመቃል። ሶሌታውም እንዲሁ ነው። አርማታ ሲታመቅ ብርቱ ነው፣ ሲወጠር ግን ይሰነጠቃል፤ ስለዚህ ፌሮው ከላይ በኩል በብዛት መግባት አለበት። ቤት ያሠራ ሰው ሁሉ የሚያውቀው ጥያቄ እዚህም ተነሣ፦ ፌሮው ይበቃል ወይ?

ካውፍማን ተጠራጥሮ ንድፉን ለፒትስበርግ መሐንዲሶች አሳየ። እነርሱም ሥጋታቸውን ጻፉ። ራይት በጣም ተቆጣ፤ ንድፎቼን መልሱልኝ፣ ይህ ቤት አይገባችሁም እስከ ማለት ደረሰ። ይሁን እንጂ በግንባታው ወቅት ከራይት ጀርባ በዋናው ሰገነት ውስጥ ተጨማሪ ፌሮ ገባ። ራይት ሲሰማ ዳግመኛ ነደደ። ማን ልክ ነበር? ከብዙ ዓመታት በኋላ የተሠራው ስሌት መሐንዲሶቹን ደገፈ፤ ራይት ያዘዘው ብረት ብቻ ቢሆን ኖሮ ሰገነቱ አይችለውም ነበር። የተጨመረበትም ቢሆን አልበቃም። የእንጨቱ ድጋፍ በተነሣ ጊዜ ሰገነቱ ከ4 ሴንቲ ሜትር በላይ ወረደ፤ የዙሪያው መከለያ ግድግዳም (ፓራፔቱ) ተሰነጠቀ። ሌላም ያልታሰበ ነገር ነበር። የላይኛው ፎቅ ሰገነት ራሱን የቻለ መስሎ ነበር፤ ሸክሙን ግን በሳሎኑ መስኮት ቀጫጭን ብረቶች በኩል ለታችኛው ያስተላልፍ ነበር። የታችኛው የራሱን ብቻ ሳይሆን የጎረቤቱንም ተሸክሞ ኖረ።

ሰገነቶቹ በተከታዮቹ ዓመታት ሁሉ ቀስ እያሉ ሲወርዱ ቆዩ። በ1990ዎቹ ሲለካ የአንዳንዱ ሰገነት ጫፍ 18 ሴንቲ ሜትር ያህል ዘምሞ ተገኘ፤ ያውም በ4 ሜትር ተኩል ርዝመት ላይ። በ1997 ከሥሩ ወንዙ ውስጥ ጊዜያዊ የብረት ድጋፍ ተተከለ። ከዚያ በመሐንዲሱ በሮበርት ሲልማን መሪነት በ2002 ጥገናው ተከናወነ። የሳሎኑ የድንጋይ ንጣፍ አንድ በአንድ ቁጥር እየተሰጠው ተነሣ፤ ከሥሩ ባሉት ዋና ዋና ቢሞች ጎን ለጎን የብረት ገመዶች ተዘርግተው በጃክ ተወጠሩ፤ ድንጋዩም ወደየቦታው ተመለሰ። እዚህ ላይ ልብ ልትሉት የሚገባ ውሳኔ አለ፦ ሰገነቱን ወደ መጀመሪያው ልኩ አላቀኑትም። መውረዱን አስቆሙት እንጂ መዝመሙን ተዉት። በኃይል ማቅናት ሌላ ስንጥቅ ያመጣ ነበር። ዛሬ በጫፉ ላይ ስትቆሙ ያ ዝመት አለ፤ ማወቃችሁ ከማድነቅ አይከለክላችሁም። ድፍረቱንም ስሕተቱንም አብሮ ማየት የዚህ ጉብኝት ትልቁ ትምህርት ይመስለኛል፤ ጥበበኛ ነበርና አልተሳሳተም የሚሉ አስጎብኚዎችን አልወድም።

ውሃ ደግሞ ከታች ብቻ ሳይሆን ከላይም መጥቷል። ጠፍጣፋ ጣሪያና ብዙ መጋጠሚያ ያለው ቤት ዝናብ በሚበዛበት ጫካ ውስጥ ሲቆም ያፈስሳል፤ ካውፍማንም ከመጀመሪያው ጀምሮ ባልዲ እያስቀመጠ ኖረ። እርጥበቱም ከወንዙ ጋር አብሮ የመጣ ነው። ቤቱን ዛሬ የሚጠብቁት ባለሙያዎች ዋና ሥራቸው ይኸው ነው፤ ውሃ በማይፈለግበት እንዳይገባ መከላከል።

ስለ ሊሊያን ካውፍማን ሳይናገሩ ማለፍ አይገባም፤ ቤቱ መኖሪያ የሆነው በእርሷ ነው። ራይት ለምግብ ጠረጴዛው የራሱን ዓይነት ወንበር ሊያስገባ ፈልጎ ነበር። እርሷ ግን ከጣሊያን የመጡ ባለ ሦስት እግር የገጠር ወንበሮችን መረጠች። ወጣ ገባ በሆነ የድንጋይ ወለል ላይ አራት እግር ይንቀጠቀጣል፣ ሦስት እግር ግን ሁልጊዜ ረግቶ ይቆማል። አርክቴክቱን የረታችው በጠባይ ሳይሆን በጂኦሜትሪ ነው፤ ወንበሮቹም እስከ ዛሬ እዚያው አሉ። መኝታ ክፍሎቹ ከሳሎኑ ጋር ሲነጻጸሩ ትንንሽ ናቸው፣ የመታጠቢያ ቤቶቹ ግድግዳና ወለል ቡሽ ለብሰዋል፤ ባዶ እግር ሲረግጡት እንዳይቀዘቅዝ። ወጥ ቤቱን አትዝለሉት። ትንሽ ነው፣ ከጀርባ ነው፤ በዚያን ዘመን ባለጸጋ ቤት ምግቡን የሚያበስሉት ሰዎች የት እንደተቀመጡ ያሳያል።

ቤቱ በ1937 አለቀ፣ ከበላዩ ያለው የእንግዳ ማረፊያ በ1939። እስከ መጨረሻው የወጣው ወጪ የእንግዳ ማረፊያውን ጨምሮ 155,000 ዶላር ነበር፤ ከዚያ የራይት ክፍያ 8,000 ነው። መጀመሪያ ከታሰበው ብዙ እጥፍ ነው፤ በድቀቱ ዘመን ደግሞ ሀብት ነበር። በጥር 1938 ታይም መጽሔት ራይትን በሽፋኑ ላይ አወጣው፤ የኒው ዮርኩ ሙዚየምም ለዚህ አንድ ቤት ብቻ ዐውደ ርእይ ከፈተ። ዘመኑ አልፏል የተባለው ሰው ከዚያ በኋላ ከሃያ ዓመት በላይ ሠራ።

ወላጆቹ ከሞቱ በኋላ ልጁ ኤድጋር በ1963 ቤቱን፣ ዕቃውንና በዙሪያው ያለውን ጫካ ለምዕራብ ፔንስልቬኒያ የተፈጥሮ ጥበቃ ማኅበር ሰጠ፤ በቀጣዩ ዓመት ለሕዝብ ተከፈተ። ስጦታው የተሟላ በመሆኑ ስንጎበኝ የምናየው ባዶ ቤት አይደለም። መጻሕፍቱ መደርደሪያቸው ላይ፣ ሥዕሎቹ ግድግዳቸው ላይ ናቸው። ጫካውም አብሮ መሰጠቱ ለእኔ ከዕቃው ይበልጣል፤ ከመስኮቱ ማዶ የገበያ ማዕከል ቢቆም ይህ ሁሉ የመስታወት ጥበብ ከንቱ ይሆን ነበር። በ2019 ዩኔስኮ ከሌሎች ሰባት የራይት ሕንፃዎች ጋር በዓለም ቅርስነት መዘገበው።

ጊዜ ካላችሁ ከዚያ ጥቂት ኪሎ ሜትሮች ርቆ ያለውን ኬንታክ ኖብን በዚያው ቀን እዩ። ይህም የራይት ነው፣ በ1956 ያለቀ፣ አይስክሬም አምራች ለነበረ ቤተሰብ የተሠራ። ፏፏቴ የለውም፣ የሚያስደነግጥ ሰገነትም የለውም። ከተራራው አናት ላይ ሳይሆን ከአናቱ ዝቅ ብሎ ተጎንብሶ ነው የተቀመጠው፤ እቅዱም በባለ ስድስት ማዕዘን ቅርጽ ላይ የተመሠረተ ነው። በጣሪያው ክፈፍ ላይ ባለ ስድስት ማዕዘን ክፍት ቦታዎች አሉ፤ ፀሐይ ስትወጣ ቅርጻቸውን መሬቱ ላይ ትጥለዋለች። ከፎሊንግወተር በኋላ መጎብኘቱ ይሻላል፤ መግቢያው ጠባብ ነው ወይ፣ ጣሪያው የት ዝቅ ይላል፣ ድንጋዩ ከየት መጣ፣ መስኮቱ ወዴት ያሳያል እያላችሁ ማንም ሳይነግራችሁ ራሳችሁ ማንበብ ትችላላችሁ። ቲኬቱ የሚቆረጠው ለየብቻ ነው፤ በሁለቱ መካከልም ምሳ የሚበላበት ጊዜ ተዉ።